ቴሌቪዥን የነካካው ሰው

ልጅ እያለሁ ቤታችን ውስጥ ከኋላዋ ትልቅ ሆድ ያላት ቴሌቪዥን ነበረች። ዳንቴል የለበሰች፣ አናቷ ላይ የፕላስቲክ አበባ የተቀመጠላት፣ እንግዳ ሲመጣ ብቻ ድምፅዋ የሚቀነስ የቤቱ እመቤት ነበረች ማለት ይቻላል። አንድ ቀን ከተሰበረ ቴፕ ውስጥ ያወጣሁትን የስፒከር ማግኔት ይዤ ስጫወት ሳላስበው ወደ መስታወቷ አስጠጋሁት። የዜና አንባቢው ፊት አረንጓዴና ሐምራዊ ሆነ፣ አገጩ ወደ ጎን ተጎተተ። ደስታዬ ልክ አልነበረውም። እናቴ ከጓዳ ስትወጣ ግን ደስታው እዚያው ላይ አበቃ። ማግኔቱን ካነሳሁት በኋላም የመስታወቱ አንድ ጥግ ለብዙ ጊዜ ሐምራዊ እንደሆነ ቀረ፤ ከዚያ ቀን ጀምሮ ቴሌቪዥን መነካካት በቤታችን ክልክል ሆነ።

ይህን የማወራው ያለ ምክንያት አይደለም። ባለፈው ሴሚስተር ስለ ቴሌቪዥን ታሪክ ሳገላብጥ አንድ ሰው በ1965 ያንኑ የእኔን ጥፋት አውቆ እንደሠራው፣ ማግኔት የተጫነበት ያ ቴሌቪዥንም ዛሬ ኒው ዮርክ በሚገኘው የዊትኒ ሙዚየም ስብስብ ውስጥ በክብር እንደተቀመጠ አነበብኩ። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።) ሰውየው ናም ጁን ፓይክ ይባላል። እኛ የጋዜጠኝነት ተማሪዎች ቴሌቪዥን ውስጥ ምን እንደሚባልና ማን እንደሚለው ስንማር እንውላለን፣ ሳጥኑን ራሱን ግን ዞር ብለን አናየውም። ፓይክ ዕድሜውን የፈጀው ሳጥኑን በማየትና በመነካካት ነው። እናም የእሱን ሕይወት ለዲፓርትመንታችን አንባብያን ላካፍል ወደድኩ።

አስቀድሞ ግን ሰውየው ስሙ ስለሚነሳበት የጥበብ ዘርፍ ትንሽ ማለት ያስፈልጋል፤ እኔም እስካነብ ድረስ ግር ይለኝ ነበርና። ቪዲዮ ኢንስታሌሽን ከፊልም በአንድ ነገር ይለያል። ሲኒማ ቤት ስንገባ ጨለማ ውስጥ ተቀምጠን ፊት ለፊት ያለውን ብቻ ነው የምናየው፤ ማሽኑ የት እንዳለ፣ ወንበሩ ምን ዓይነት እንደሆነ፣ እኛ ራሳችን ማን እንደሆንን እንድንረሳ ይፈለጋል። በቪዲዮ ኢንስታሌሽን ውስጥ ግን ቴሌቪዥኑ፣ ካሜራው፣ ገመዱ፣ ክፍሉ፣ አጠገቡ የተቀመጠው ዕቃ፣ ገብቶ የሚዞረው ሰው ጭምር የሥራው አካል ናቸው። መጀመሪያና መጨረሻ ላይኖረው ይችላል። ሰው ከፈለገ ሁለት ደቂቃ፣ ከፈለገ ሁለት ሰዓት ይቆማል፤ ከኋላው ዞሮም ማየት ይችላል።

ፓይክ በ1932 በሴኡል ከተማ ተወለደ። ኮሪያ በጃፓን ቅኝ ግዛት ሥር የነበረችበት ጊዜ ነው። አባቱ የጨርቃ ጨርቅ ድርጅት የነበራቸው ባለጸጋ ሲሆኑ እሱ ለቤቱ አምስተኛና የመጨረሻ ልጅ ነበር። በልጅነቱ የተማረው ፒያኖ ነው። በ1950 የኮሪያ ጦርነት ሲፈነዳ ቤተሰቡ አገሩን ለቆ ወደ ሆንግ ኮንግ፣ ከዚያም ወደ ጃፓን ሄደ። ይህ ጦርነት ለእኛ እንግዳ አይደለም፤ የመጀመሪያው የቃኘው ሻለቃ በ1951 ኮሪያ ሲደርስ የአሥራ ስምንት ዓመቱ ፓይክ ተሰድዶ ወጥቶ ነበር። አገሩን ተመልሶ ያየው ከ34 ዓመት በኋላ ነው።

በ1956 ከቶኪዮ ዩኒቨርሲቲ ተመረቀ፤ የመመረቂያ ጽሑፉም ስለ ኦስትሪያዊው የሙዚቃ ደራሲ አርኖልድ ሾንበርግ ነበር። ከዚያ ወደ ምዕራብ ጀርመን አቀና፣ ሙዚቃ ለማጥናት። እዚያ በ1958 አሜሪካዊውን ጆን ኬጅን አገኘ። ኬጅ ማለት ማንኛውም ድምፅ፣ ዝምታም ቢሆን፣ ሙዚቃ ሊሆን ይችላል ብሎ ያመነ ሰው ነው። ለፓይክ ይህ ትልቅ መፈታት ሆነለት። ሁለት ዓመት ቆይቶ ኮሎኝ ውስጥ ትርዒት ሲያሳይ በድንገት ከመድረክ ወርዶ አድማጮች መሐል የተቀመጠውን የኬጅን ከረባት በመቀስ ቆረጠ፣ ሻምፑ ራሱ ላይ አፈሰሰበት፣ ከዚያም ከአዳራሹ ወጥቶ ሄደ። ሕዝቡ ግራ ተጋብቶ ሲጠብቅ ስልክ ተደወለ። ፓይክ ነበር፤ ትርዒቱ እንዳለቀ ለመናገር ነው የደወለው።

እውነቱን ለመናገር ይሄኛው ታሪክ ብዙም አልማረከኝም። ከረባት መቁረጥ ማን ያቅተዋል? በዚያን ጊዜ አውሮፓ ውስጥ ፍሉክሰስ በሚባለው ስብስብ ዙሪያ የነበሩ ወጣቶች ቫዮሊን ይሰብሩ፣ ፒያኖ ይፈልጡ ነበር፤ ፓይክም ከእነሱ አንዱ ነው። እዚያው ላይ ቢቆም ኖሮ ዛሬ ስሙን የሚያነሳው ሰው ጥቂት በሆነ። ከረባቱን ግን አንርሳው፣ መጨረሻ ላይ ይመለሳል።

ፓይክ ከ1961 ገደማ ጀምሮ ከኮሎኝ ወጣ ባለ ቦታ ክፍል ተከራይቶ ያገለገሉ ቴሌቪዥኖችን እየገዛ በድብቅ መፈታታት ጀመረ። የኤሌክትሮኒክስ መጻሕፍት ያነባል፣ ሽቦ ይቆርጣል፣ መልሶ ይቀጥላል። ለሙዚቃ ጓደኞቹ አልተናገረም። የምስጢሩን ውጤት ያወጣው መጋቢት 1963 ላይ ቩፐርታል በተባለች የጀርመን ከተማ፣ ፓርናስ ጋለሪ ውስጥ ነው። ጋለሪው የአንድ አርክቴክት ቪላ ነበር። ቤቱ መግቢያ ላይ አዲስ የታረደ በሬ ጭንቅላት ተሰቅሏል፤ ውስጥ አራት የተነካኩ ፒያኖዎች አሉ፤ በመክፈቻው ምሽት ዮሴፍ ቦይስ የተባለው ሠዓሊ ማንም ሳያዘው መጥረቢያ ይዞ ገብቶ አንዱን ፒያኖ ፈለጠው። ወሬው በሙሉ ወደ በሬውና ወደ መጥረቢያው ሄደ። አንዱ ክፍል ውስጥ መሬት ላይ እንዲሁ የተቀመጡትን ደርዘን የሚያህሉ ቴሌቪዥኖች ልብ ያላቸው ጥቂት ነው።

እኔ ግን በእነዚያ ቴሌቪዥኖች ላይ ትንሽ መቆየት እፈልጋለሁ። በዚያን ጊዜ ስርጭት በአብዛኛው የማታ ስለነበር ኤግዚቢሽኑ የሚከፈተው ማታ ማታ ነበር፣ ምክንያቱም ፓይክ የራሱን ፊልም አላሳየም። የቪዲዮ መቅጃ የሚገዛበት አቅምም አልነበረውም። ያሳየው ጣቢያው በዚያች ሰዓት የሚያስተላልፈውን ያንኑ ፕሮግራም ነው፤ የሰውነት ውስጡን ብቻ ለውጦ። አንደኛው ቴሌቪዥን ከሬዲዮ ጋር ተያይዟል፤ የሬዲዮው ድምፅ ሲጨምር በመስታወቱ መሐል ያለችው የብርሃን ነጥብ ትሰፋለች፣ ሲቀንስ ትጠፋለች። ሌላው ከማይክራፎን ጋር ተያይዟል፤ ሰው ሲናገርበት ድምፁ በመስታወቱ ላይ እንደ ፍንዳታ መስመሮችን ይሠራል። ሌላው በአፍጢሙ ተደፍቷል፤ የሚያበራው ለወለሉ ብቻ ነው። «ሬምብራንት» የሚባል ማርክ ያለው ስለነበር ስሙንም ከዚያ ወሰደ፣ በታላቁ ሠዓሊ ስም መቀለዱ ነው።

ከሁሉም የወደድኩት ግን ሲጓጓዝ የተበላሸውን ነው። ምስሉ በሙሉ ተጨምቆ መሐል ላይ አንዲት አግድም የብርሃን መስመር ብቻ ቀርቷል። ጠጋኝ ቢሆን ኖሮ ይጥለው ወይ ይፈታው ነበር። ፓይክ ሳጥኑን በጎኑ አቆመው። አግድም የነበረው መስመር ቀጥ ብሎ ቆመ፤ «ዜን ለቲቪ» ብሎ ሰየመው። አለቀ። ያቺ መስመር እስከ ዛሬ ድረስ በዓለም ሙዚየሞች ትታያለች።

ይህ ሁሉ እንዴት ይሆናል ለሚል፣ የአሮጌው ቴሌቪዥን አሠራር ቀላል ነው። ያ ትልቁ ሆድ የመስታወት ቱቦ ነው። ከጀርባው የኤሌክትሮን ጨረር ይተኮሳል፤ ቱቦው አንገት ላይ የተጠመጠሙ የመዳብ ሽቦዎች በመግነጢስ ኃይል ጨረሩን ግራና ቀኝ፣ ላይና ታች ይነዱታል። ጨረሩ የቱቦውን ፊት እንደ ጸሐፊ መስመር በመስመር ይጽፋል፤ በአሜሪካው አሠራር 525 መስመር፣ በሰኮንድ 30 ጊዜ። ዓይናችን ይህን አንድ ላይ ሲያየው ዜና አንባቢ ይሆናል። ስለዚህ ሌላ ማግኔት ሲመጣ ጨረሩ የቱን ማግኔት እንደሚታዘዝ አያውቅም። እናቴ የተቆጣችኝ ቀን ያየሁት የዚህን ግጭት ውጤት ነው። የ1965ቱ የፓይክ ሥራ አንድ ባለ 17 ኢንች ጥቁርና ነጭ ቴሌቪዥን ላይ የፈረስ ኮቴ የመሰለ ትልቅ ማግኔት መጫን ብቻ ነው። ምስሉ ወደ ላይ ተስቦ እንደ ነጠላ ጥለት ይወዛወዛል። ማግኔቱ ሲንቀሳቀስ ምስሉም ይቀየራል። ጣቢያው የላከውን ምስል ተቀባዩ ቤቱ ቁጭ ብሎ አጠመመው ማለት ነው። ቴሌቪዥን መስኮት ነው ስንል ኖረናል፤ መስኮት ግን እንዲህ አይታጠፍም።

በ1963 መጨረሻ ጃፓን ሄዶ ሹያ አቤ የተባለ መሐንዲስ ተዋወቀ። ብዙ ጽሑፎች አቤን በአንድ ዓረፍተ ነገር ነው የሚያልፉት፤ ያለ እሱ ግን ፓይክ ግማሽ ነው። ሁለቱ ሆነው ከቁርጥራጭ ብረትና ሽቦ በሪሞት የሚሄድ ሮቦት ሠሩ፤ ስሙን ኬ-456 አሉት፣ ከሞዛርት የፒያኖ ኮንሰርቶ ቁጥር ወስደው። ሮቦቱ የፕሬዚዳንት ኬኔዲን የበዓለ ሲመት ንግግር ከቴፕ እያሰማ ይራመድና ከኋላው ባቄላ ይጥላል። (አዎ፣ የተባለው እሱ ነው።) በኋላም፣ በ1969 እና 70፣ አቤና ፓይክ ካሜራ የሚልከውን ምስል ቀለሙንና ቅርጹን እንደ ኦርጋን እየተጫወቱ የሚቀያይሩበት ማሽን ሠርተው ቦስተን ለሚገኝ የሕዝብ ቴሌቪዥን ጣቢያ አገልግሎት ላይ አዋሉት። ዛሬ ስልካችን ላይ የምንጫወትበትን የምስል ማሳመሪያ ሁሉ ሳይ አቤ ትዝ ይለኛል።

ፓይክ ኒው ዮርክ የገባው በ1964 ነው። አሁን ደግሞ እኔን ችግር ውስጥ የከተተኝ ታሪክ ጋ ደረስን።

የቪዲዮ ጥበብ ልደት ሲተረክ ሁልጊዜ እንዲህ ነው የሚባለው። ጥቅምት 4 ቀን 1965 ሊቀ ጳጳሳት ጳውሎስ ስድስተኛ ለተባበሩት መንግሥታት ንግግር ለማድረግ ኒው ዮርክ ገቡ። ፓይክ በዚያው ዕለት ባገኘው የገንዘብ ድጋፍ የሶኒን አዲስ ተንቀሳቃሽ ካሜራ ገዝቶ በታክሲ ሲመለስ መንገድ ተዘጋጋ፤ የተዘጋው ለጳጳሱ ነበር። ከታክሲው ሆኖ ቀረጻቸው። ማታውኑ ግሪንዊች ቪሌጅ በሚገኘው ካፌ ኦ ጎ ጎ ለጓደኞቹ አሳየ። ቪዲዮ አርት ተወለደ።

እንዴት የሚያምር ታሪክ ነው! የዚህ ጽሑፍ የመጀመሪያ ረቂቅ የሚጀምረው በዚያ ታክሲ ነበር፤ ዝናብ ሁሉ ጨምሬበት ነበር፣ እግዜር ይቅር ይበለኝ። ረቂቁን ያየው መምህራችን አንዲት ጥያቄ ብቻ ጠየቀኝ፤ ያ ካሜራ ለገበያ የዋለው መቼ ነው? ሄጄ አየሁ። ፖርታፓክ የሚባለው፣ በትከሻ ተይዞ በባትሪ የሚሠራው የሶኒ መቅጃ አሜሪካ ገበያ ላይ የወጣው በ1967 ነው። በ1965 የነበረው ከግድግዳ ሶኬት ጋር የሚያያዝ፣ ታክሲ ውስጥ ይዘው የማይሮጡበት ከባድ ዕቃ ነው። የዘርፉ አጥኚዎች ይህን ክፍተት ካዩት ቆይተዋል። በተጨማሪም አንዲ ዋርሆል በዚያው ዓመት ነሐሴ ላይ ኖሬልኮ ከተባለ ኩባንያ በተዋሰው መቅጃ ቪዲዮ ቀርጿል፤ ቮልፍ ፎስቴል የሚባለው ጀርመናዊም ቴሌቪዥንን በሥራዎቹ ውስጥ በዚያው ዘመን ሲጠቀም ነበር። ስለዚህ የመጀመሪያው ቪዲዮ፣ የመጀመሪያው አባት የሚለው ነገር እንደሚባለው ቀጥ ያለ አይደለም።

ማስረጃ ያለው የትኛው ነው? ፓይክ በዚያ ካፌ በጥቅምት 4 እና 11 በቪዲዮ መቅጃ የተሠራ ሥራ እንደሚያሳይ የሚያስታውቅ ወረቀት መበተኑ ነው። በወረቀቱ ላይም ዘይት ቀለም በኮላዥ እንደተተካ ሁሉ የቴሌቪዥን ቱቦም ሸራን እንደሚተካ ትንቢት ተናግሯል። ታክሲውን ሰርዤ ወረቀቱን ያዝኩ። አንጀቴ እያረረ ነው የሰረዝኩት፤ ግን አሰብኩበት። ዕድሜውን ሙሉ የተላለፈልንን ምስል ዝም ብለን እንዳንቀበል የሠራ ሰው ነው፤ ስለ እሱ ስጽፍ የተላለፈልኝን ተረት ዝም ብዬ ብቀበል ራሱ ይስቅብኛል። በእርግጥ ተረቱን ያስፋፋው እሱ ራሱም ነው። ፓይክ ጥሩ ወሬ የሚያውቅ ሰው ነበር።

ከሻርሎት ሞርማን ጋር ያለውን ጉዳይ ደግሞ በሌላ ምክንያት በጥንቃቄ ነው የማነሳው። ሞርማን በወጉ የተማረች የቼሎ ተጫዋች ነበረች። በየካቲት 1967 ኒው ዮርክ ውስጥ ፓይክ ባዘጋጀው ትርዒት ላይ ደረቷን ራቁቷን ሆና ስትጫወት ፖሊስ ገብቶ ያዛቸው። ፍርድ ቤት ጥፋተኛ ናት ያለው እሷን ነው፤ ቅጣቱም በገደብ ተያዘላት። ሐሳቡ የእሱ፣ ገላው የእሷ፣ ክሱም የእሷ። ከሁለት ዓመት በኋላ ፓይክ በሁለት ትንንሽ ቴሌቪዥኖች ጡት መያዣ ሠራላት፤ ቼሎዋን ስትጫወት ድምፁ ምስሉን ይለውጠዋል። በ1971 ደግሞ ሦስት ቴሌቪዥን ደራርቦ ቼሎ ሠራላት፣ ክር ገጠመበትና ተጫወተችበት። የፈረሱ ታሪኮች ሁሉ እነዚህን የፓይክ ሥራዎች ይሏቸዋል፤ እኔ የሁለቱ ናቸው ባይ ነኝ። ሞርማን በ1991 በካንሰር እስከ ሞተችበት ጊዜ ድረስ አብረው ሠርተዋል።

አሁን ወደ 1974። ፓይክ ኒው ዮርክ ቦኒኖ ጋለሪ ውስጥ ኤግዚቢሽን እያዘጋጀ ሳለ አንድ ግድግዳ ባዶ ቀረበት። ቀድሞ የገዛው ያረጀ የቡድሃ ሐውልት ነበረው። ሐውልቱን አስቀመጠ፣ ፊት ለፊቱ ቴሌቪዥን አደረገ፣ ከቴሌቪዥኑ ጀርባ ካሜራ ተከለና ወደ ሐውልቱ አዞረው። በቃ። ቡድሃው ተቀምጦ ራሱን በቴሌቪዥን ያያል። ካሜራው አይቆምም፣ ቴፕ የለም፣ የሚሆነው ሁሉ አሁን ነው የሚሆነው፤ ግን ምንም አይሆንም፣ ምክንያቱም ሐውልት አይንቀሳቀስም። ተመልካች ከሐውልቱ ኋላ ጎንበስ ካለ ራሱንም እዚያው ስርጭት ውስጥ ያገኘዋል። ግድግዳ ለመሙላት የተሠራው «ቲቪ ቡድሃ» ከሥራዎቹ ሁሉ የታወቀው ሆነ፤ ዛሬ አምስተርዳም በስቴደሊክ ሙዚየም ይገኛል።

ይህን ሥራ በፎቶ ነው ያየሁት፤ የቪዲዮ ኢንስታሌሽንን በፎቶ ማየት ወጥን በሽታ እንደ መቅመስ ነው። ቢሆንም ደጋግሜ አየሁት። ቡድሃው በተመስጦ ላይ ነው ወይስ ራሱን በማየት ተጠምዷል? ሁለቱም አንድ ዓይነት አቀማመጥ ነው። ስልኬን ፊቴ ላይ ደቅኜ የቆየሁባቸውን ሰዓታት ሳስብ መልሱን ለመስጠት አልቸኩልም። ፓይክ ራሱ በዚያው ዓመት ኮሎኝ ውስጥ ሐውልቱን አንስቶ በቦታው ተቀምጦ ነበር።

በዚያው ዓመት በሕያው አትክልቶች መሐል ቴሌቪዥኖችን እንደ ፍሬ የበተነበትን «ቲቪ ጋርደን» ሠራ። ለሮክፌለር ፋውንዴሽን በጻፈው ጥናት ደግሞ ስለ ኤሌክትሮኒክ አውራ ጎዳና አነሳ፤ አገርን ከአገር በሽቦና በሳተላይት ስለሚያገናኝ መንገድ፣ ኢንተርኔት የሚባል ቃል ከመለመዱ በፊት ማለት ነው። በ1977 ጃፓናዊቷን ሺጌኮ ኩቦታን አገባ። ኩቦታ ራሷ በዘርፉ ቀደምት ከሆኑት አንዷ ናት፤ የእንጨት ደረጃ ውስጥ ቴሌቪዥኖች የቀበረችበት የ1976 ሥራዋ በኒው ዮርኩ የዘመናዊ ጥበብ ሙዚየም ይገኛል። የባሏ ዝና ግን ለረጅም ጊዜ ጋርዷታል።

ጥር 1 ቀን 1984 ፓይክ ትልቁን ቁማር ተጫወተ። ጆርጅ ኦርዌል በልብ ወለዱ ቴሌቪዥን ሰውን የሚሰልልበት አድርጎ የሣለው ዓመት ሲገባ፣ እሱ ኒው ዮርክንና ፓሪስን በሳተላይት አገናኝቶ በቀጥታ ስርጭት የበዓል ትርዒት አሳየ። ጀርመንና ደቡብ ኮሪያም ተቀበሉት። ኬጅ፣ ቦይስ፣ ሞርማን፣ ፒተር ጋብርኤልና ሎሪ አንደርሰን ሁሉ ነበሩበት። ሳተላይቱ መሐል መሐል ላይ ተቋረጠ፣ ምስል ጠፋ፣ አቅራቢዎቹ ተደናገሩ። ለማንኛውም የቴሌቪዥን ሰው ይህ ቅዠት ነው። ፓይክ ግን ቀጥታ መሆኑ የሚታወቀው ሲበላሽ ነው በሚል ተደሰተበት። በሚሊዮን የሚቆጠር ሰው ነው ያየው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ሳልል ማለፍ አልቻልኩም። በዚያው ዓመት ጥቅምት ላይ ነው የአገራችን ረሃብ ምስል በቢቢሲ ተላልፎ በሳተላይት ዓለምን የዞረው፤ ሐምሌ 1985 ላይም ለንደንንና ፊላደልፊያን በሳተላይት ያገናኘው የላይቭ ኤይድ ኮንሰርት በእኛ ስም ተካሄደ። በዲፓርትመንታችን ስለዚህ ብዙ ተብሏል። ሁለቱን ጎን ለጎን ሳያቸው የሚቆጨኝ አለ። በፓይክ ስርጭት ሁለቱም ዳር ይናገር ነበር። በሁለተኛው ግን እኛ ታየን እንጂ አልተናገርንም።

ያ ስርጭት ፓይክን ወደ ትውልድ አገሩ መለሰው። ሰኔ 1984 ሴኡል ሲገባ እንደ ጀግና ነው የተቀበሉት። በ1988፣ የሴኡል ኦሊምፒክ ዓመት፣ በጓቾን ከተማ በሚገኘው የብሔራዊ ዘመናዊ ጥበብ ሙዚየም ውስጥ 18 ሜትር የሚያልፍ የቴሌቪዥን ማማ አቆመ። የቴሌቪዥኖቹ ቁጥር 1,003 ነው፤ የኮሪያ የምሥረታ በዓል የሚከበርበትን ጥቅምት 3 ለማስታወስ። በ1993 ጀርመንን ወክሎ በቬኒስ ቢየናሌ የወርቅ አንበሳ ሽልማት ከሃንስ ሃከ ጋር ተቀበለ፤ ኮሪያዊ ሆኖ፣ አሜሪካ እየኖረ፣ ለጀርመን። በ1995 ደግሞ የአሜሪካን ካርታ በ336 ቴሌቪዥኖችና በኒዮን መብራት ሠራ፤ እያንዳንዱ ግዛት የራሱን ቪዲዮ ያሳያል። ዋሽንግተን ዲሲ ባለችበት ቦታ ግን ቪዲዮ የለም፤ ትንሽ ካሜራ አለች፣ የምታሳየውም ፊት ለፊቷ የቆመውን ተመልካች ነው።

በ1996 አእምሮው ውስጥ ደም በመፍሰሱ ግራ ጎኑ ሽባ ሆነ። የቀሩትን አሥር ዓመታት በተሽከርካሪ ወንበር ላይ ነው ያሳለፈው፤ ኩቦታ አስታመመችው። ሥራ ግን አላቆመም። በ2000 በኒው ዮርክ ጉገንሃይም ሙዚየም የሕይወት ዘመን ሥራው ሲቀርብ ከሕንፃው ጣሪያ በሚወርድ ፏፏቴ ውስጥ ሌዘር አሳልፏል። ከዚያ በፊት በ1998 ለኮሪያው ፕሬዚዳንት ክብር በተዘጋጀ የዋይት ሃውስ ግብዣ ላይ ፕሬዚዳንት ክሊንተንን ሊጨብጥ ከወንበሩ ሲነሳ ሱሪው ወለቀ። ይህ የሆነው በሞኒካ ሉዊንስኪ ወሬ ማግስት ነው። አደጋ ይሁን የመጨረሻው የፍሉክሰስ ትርዒት፣ ወዳጆቹ እስከ ዛሬ ይከራከራሉ። ለእኔ ከረባት ከመቁረጡ ይልቅ ይሄኛው ይበልጥብኛል።

ናም ጁን ፓይክ ጥር 29 ቀን 2006 በማያሚ ቢች በሚገኘው ቤቱ በ73 ዓመቱ አረፈ። የቀብር ሥነ ሥርዓቱ ኒው ዮርክ ውስጥ ሲፈጸም ለለቀስተኞቹ መቀስ ታደለ። እርስ በርሳቸው ከረባት ተቆራረጡና ቁራጮቹን ሬሳ ሣጥኑ ውስጥ አስቀመጡለት።

ሰውየው ይኸው ነው፤ ቴሌቪዥኖቹ ግን ገና አላረፉም። ሸራ ላይ የተሣለ ሥዕል በጥንቃቄ ከተያዘ ለብዙ መቶ ዓመታት ይቆያል። የመስታወት ቱቦ ግን በሠላሳ ዓመቱ ይደክማል፤ ብርሃኑ ይፈዛል፣ ይሞቃል፣ የሚያመርተው ፋብሪካም ከተዘጋ ቆይቷል። የጓቾኑ ማማ በየጊዜው ሲጠገን ከርሞ በ2018 ለአደጋ ያሰጋል ተብሎ ጠፋ። ባለሙያዎች ተከራከሩበት። ሁሉንም በጠፍጣፋ ስክሪን መተካት ይቀላል፤ ግን ማግኔት የማይታጠፍለት፣ ሆድ የሌለው ቴሌቪዥን የፓይክ ቴሌቪዥን ነው ወይ? እንዳለ መተውስ? መስከረም 2022 ላይ እንደገና በራ። ከ1,003ቱ ውስጥ 737ቱ ቱቦ እንደሆኑ ተጠግነው ወይም በሌላ ያገለገለ ቱቦ ተተክተው ቀሩ፤ 266ቱ ብቻ በአዲስ ስክሪን ተተኩ። ለመብራት የተፈቀደለትም በቀን ለጥቂት ሰዓት ነው፣ እንዳይደክም።

ይህን ሳነብ የእኛዋ ሆዳም ትዝ አለችኝና ባለፈው ወደ ቤት ስደውል እናቴን የት እንዳለች ጠየቅኳት። ሳትሠራ ብዙ ዓመት ስቶር ውስጥ ከተቀመጠች በኋላ ለቆራሌ እንደሰጠቻት ነገረችኝ። ስንት እንደከፈላት ጠየቅኩ። ገንዘብ አልሰጣትም፤ በሁለት የፕላስቲክ ሳፋ ነው የለወጠችው። ለምን እንደጠየቅኳት ስነግራት፣ ኮሪያ ውስጥ ሙዚየም እንዲህ ዓይነቱን አሮጌ ቴሌቪዥን እያፈላለገ ሲሰበስብ እንደነበረ ስገልጽላት፣ ለጥቂት ጊዜ ዝም አለች። ከዚያ ጥጉ ሐምራዊ የሆነውንም ይወስዱት ነበር ወይ ብላ ጠየቀችኝ።